ሽማግሌ ፊት የተስማማነውን ፍርድ ቤቱ አያውቀውም

የአንባቢ ደብዳቤ

የተከበሩ የዓምዱ አማካሪ፣ እንደምን ሰነበቱ? በቨርጂንያ፣ በአሌክሳንድርያ ከተማ የምኖር የ44 ዓመት አባት ነኝ። የ13 ዓመት ሴትና የ9 ዓመት ወንድ ልጅ አሉኝ። ከእናታቸው ጋር በ2021 ስንፋታ ልጆቹ ከእሷ ጋር እንዲኖሩ፣ እኔ ደግሞ በየወሩ 780 ዶላር የልጆች ማሳደጊያ፣ እዚህ ሁላችንም ቻይልድ ሳፖርት የምንለውን፣ በመንግሥት መሥሪያ ቤቱ በኩል እንድከፍል ፍርድ ቤት ወሰነ። ታክሲ ስለምነዳ ከደመወዜ የሚቆርጥ አሠሪ የለኝም፤ ራሴ እየላክሁ አንድም ወር ሳላጓድል ቆየሁ።

በፌብሩዋሪ 2024 መኪናዬ በረዶ ላይ ተንሸራትታ ስትጋጭ ትከሻዬ ተሰበረ። ከማርች እስከ ሴፕቴምበር ሰባት ወር ሙሉ መሪ አልጨበጥሁም። በዚያው ዓመት ኤፕሪል ላይ ሁለታችንንም የሚያውቁ ሦስት ሽማግሌዎች ከቅዳሴ በኋላ እሷ ቤት ሰብስበውን፣ እስክድን ድረስ በወር 300 ዶላር በእጇ እንድሰጣት፣ እሷም በዚያ እንድትታገሠኝ አስማሙን። ቡና ተጠጣ፣ ተመራርቀን ተለያየን። እኔም ቃሌን ጠብቄ እስከ ጁን 2025 ድረስ ዐሥራ አምስቱንም ወር ሰጥቻለሁ፤ ዘጠኙን ጊዜ በጥሬ ገንዘብ፣ ስድስቱን ጊዜ ዜል በሚባለው በስልክ ገንዘብ መላኪያ።

ባለፈው ሳምንት የሸሪፍ ባልደረባ በሬን አንኳኩቶ ወረቀት በእጄ ሰጠኝ። ወለዱን ሳይጨምር 12,480 ዶላር ውዝፍ እንዳለብኝ፣ የፍርድ ቤቱን ትእዛዝ በመጣሴም የማልቀጣበት ምክንያት ካለኝ ቀርቤ እንዳስረዳ ይላል። ቀጠሮው ከ24 ቀን በኋላ ነው። ፍርድ ቤት ደፍረሃል ማለት ምን ማለት ነው? እኔ በሕይወቴ ዳኛን ቀና ብዬ አይቼ አላውቅም።

ከኦክቶበር ወዲህ በቀን ለጥቂት ሰዓት መንዳት ጀምሬ፣ የነዳጅና የኢንሹራንስ ወጪዬ ሲነሣ በወር 2,300 ዶላር ገደማ ይተርፈኛል። ለተከራየሁት ክፍል 900 እከፍላለሁ፤ ደሴ ላሉት እናቴ 150 እልካለሁ። ከዚህ ዓመት ጃንዋሪ ጀምሮ ደግሞ በወር 250 ዶላር እቁብ ገብቻለሁ፤ 24 ሰዎች ነን፣ ዕጣዬ ገና አልወጣም። አንዱ ጓደኛዬ «ነገሩ እስኪበርድ አገር ቤት ሂድ» ይለኛል። ሌላው «ባንክ ያለህን በዘመድ ስም አዙር፣ ስለ እቁቡም ትንፍሽ አትበል» ይላል። ለሌላ ሰው አልተናገርሁም። ልጄ ግን ከእናቷ የስልክ ወሬ ሰምታ «አባዬ፣ ልትታሰር ነው?» ብላ ጠየቀችኝ፤ መልስ አጣሁላት። እናታቸው ከሰሰችኝ ብዬ ማመን አቅቶኛል፤ ያን ዕለት ቡናውን ያፈላችው እሷ ናት። ምን ላድርግ?

ግራ የገባው አባት

መልስ

ወንድሜ፣ ቀጠሮዎ ቅርብ ስለሆነ ይህን መልስ አስቀድሜ በኢሜይል ልኬልዎታለሁ፤ እዚህ የማወጣው በፈቃድዎ ነው፤ ይኸው ወረቀት ደርሷቸው እንቅልፍ ያጡ ሌሎች ወላጆችም እንዲያነቡት ብዬ። ከሁሉ በፊት የምለምንዎት አንድ ነገር አለ፤ በቀጠሮው ቀን ይቅረቡ። ቢቀርቡ ጥያቄው «ለምን አልከፈልህም?» ነው፤ ለዚህ ደግሞ እርስዎ መልስ አለዎት። ቢቀሩ ግን ዳኛው እዚያ ካፒያስ የሚባለውን የእስር ማዘዣ ሊያወጡብዎት ይችላሉ፤ ከዚያ ወዲያ የኋላ መብራት ጠፍቶ ፖሊስ ያስቆመዎት ቀን፣ ምናልባትም ተሳፋሪ ጭነው ሳለ፣ እጅዎ በካቴና ሊያዝ ይችላል። ቀኑን ሙሉ መንገድ ላይ ለሚውል ሰው ይህ ሩቅ ፍርሃት አይደለም።

እኔ ጠበቃ አይደለሁም። ለዓመታት በሰሜን ቨርጂንያ ፍርድ ቤቶች በአስተርጓሚነት ስለሠራሁ፣ የእርስዎን የመሰለ ጉዳይ ይዘው አግዳሚ ወንበር ላይ የሚጠብቁ ብዙ ወገኖቻችንን አይቻለሁ። የምጽፍልዎት ከዚያ ካየሁትና ከሕጉ በእርግጠኝነት ከማውቀው ነው፤ ጠበቃ ማነጋገርዎን ግን አያስቀርም።

እስቲ ወረቀቱን አውጥተው አናቱን ይመልከቱ። ከሳሹ ማን ይላል? ብዙ ጊዜ በመጀመሪያው መስመር የሚገኘው የልጆቹ እናት ስም ብቻ ሳይሆን የቨርጂንያ ግዛትና የልጆች ማሳደጊያ አስፈጻሚው ክፍል ነው፤ የእናትየው ስም «ስለ እርሷ» በሚል ይከተላል። ክፍያው በዚህ መሥሪያ ቤት በኩል እንዲሆን ከታዘዘ፣ መዝገቡ ላይ ገንዘብ ሳይገባ ወራት ሲያልፉ መሥሪያ ቤቱ ራሱ ለፍርድ ቤቱ ሊያመለክት ይችላል። የሰጧትን 300 ዶላር የሚያውቁት እርስዎ፣ እሷና ሽማግሌዎቹ ብቻ ናችሁ፤ ለመዝገቡ ግን እርስዎ ከማርች 2024 ጀምሮ ለዐሥራ ስድስት ወር ድምፅዎ የጠፋ ሰው ነዎት። እናታቸው ምናልባት ወረቀቱ መላኩንም ያወቀችው እንደ እርስዎ ዘግይታ ይሆናል፤ ምናልባትም ልጅዎ የሰማችው የስልክ ወሬ የእናቷ ድንጋጤ ይሆናል። ጠይቀዋታል? በደብዳቤዎ ውስጥ ስለ እሷ የጻፉት ብዙ ነው፤ እሷ ያለችው አንድ ቃል ግን የለበትም።

ፍርድ ቤት መድፈር ምን ማለት ነው ብለውኛል። እኛ «ችሎት ተዳፈረ» ሲባል የምናስበው ዳኛ የተሳደበን ወይም ችሎት የረበሸን ሰው ነው። በእርስዎ ጉዳይ የተባለው ግን ሌላ ነው፤ ፍርድ ቤት ያዘዘውን ክፍያ፣ መክፈል እየቻሉ ትተዋል የሚል ክስ ነው። እባክዎ «እየቻሉ» የሚለውን ቃል ልብ ይበሉት፤ ጉዳይዎ በሙሉ የቆመው በእሱ ላይ ነው። የዚህ ዓይነቱ እስራት ዓላማ ሰውየውን አስገድዶ ማስከፈል ነው። ስለዚህም በአሜሪካ ፍርድ ቤቶች የታሰረው ሰው የእስር ቤቱን ቁልፍ በገዛ ኪሱ ይዟል የሚል የቆየ አነጋገር አለ፤ ዳኛው የቆረጡትን ገንዘብ በከፈለ ጊዜ ይወጣል። ኪሱ ባዶ የሆነ ሰው ግን ቁልፍ የለውም፤ እንዲህ ያለውን ሰው «ክፈልና ውጣ» ብሎ ማሰር ትርጉም የለውም።

ይህን የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2011 ተርነር ከሮጀርስ በሚባለው ጉዳይ በግልጽ ተመልክቶታል። በሳውዝ ካሮላይና ግዛት አንድ አባት 5,728.76 ዶላር ውዝፍ የልጅ ማሳደጊያ ስላለበት፣ ጠበቃ ሳይኖረው አጭር በሆነ ችሎት 12 ወር ተፈረደበት፤ ዳኛው ግን መክፈል ይችል እንደነበረና እንዳልነበረ ምንም አላሉም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ያ አካሄድ ትክክል እንዳልነበረ ወሰነ። ሰውየው ዋናው ነገር የመክፈል አቅሙ መሆኑ ሊነገረው፣ ገቢና ወጪውን የሚሞላበት ቅጽ ሊሰጠው፣ መልስ ለመስጠት ዕድል ሊያገኝ፣ ዳኛውም «ይችላል» ብለው ሲደመድሙ በግልጽ ሊናገሩት ይገባ ነበር አለ። በዚያው ውሳኔ ላይ ግን፣ ተከራካሪዋ እናት ራሷ ጠበቃ ከሌላትና እነዚህ መጠበቂያዎች ከተሟሉ፣ ግዛቱ ለአባትየው የግድ ጠበቃ ማቆም የለበትም ብሏል። በእርስዎ ቀጠሮ በሌላው ወገን የሚቆመው የመሥሪያ ቤቱ ጠበቃ ከሆነ ነገሩ ከዚያ ይለያል፤ ስለዚህ አቅም ከሌለዎት ገና ዳኛው ፊት እንደቀረቡ ጠበቃ እንዲመደብልዎት ይጠይቁ። አስቀድመውም ሊገል ሰርቪስስ ኦፍ ኖርዘርን ቨርጂንያ የሚባለው ገቢያቸው አነስተኛ የሆኑ ሰዎችን በነጻ የሚረዳ ድርጅት ዘንድ ይደውሉ። በቨርጂንያም እንዲህ ባለ ጉዳይ እስራቱ እስከ 12 ወር ሊደርስ ስለሚችል፣ «አይመስለኝም» ብሎ መቀመጥ አይገባም።

አሁን ወደ ሚዛኑ እንምጣ፤ እንደ እህትዎ በቅንነት ልናገር። ሰባቱ ወር ያስጨነቀኝ ጉዳይ አይደለም። ትከሻው የተሰበረ ታክሲ ነጂ መሪ መጨበጥ እንደማይችል ለማስረዳት የሆስፒታሉን ወረቀት፣ የሐኪሙን ማስታወሻ፣ የፊዚዮቴራፒውን የቀጠሮ ካርድ፣ የዚያን ዓመት የታክስ መግለጫ ይዘው ይቅረቡ። ያሳሰበኝ ከኦክቶበር ወዲህ ያለው ዘጠኝ ወር ነው። ከ2,300 ዶላሩ የክፍልዎን ኪራይ ሲያነሡ 1,400 ይቀራል፤ ዳኛው ይህን አይተው 780 ባይሆን እንኳ ከ300 የሚበልጥ ሊከፈል ይችል ነበር ሊሉ ይችላሉ። በጃንዋሪ እቁብ መግባትዎ ሲታይ ደግሞ በየወሩ 250 ዶላር የሚያስቀምጥ ሰው አቅም አልነበረኝም ማለቱ ይከብደዋል። ይህን የምልዎት ልወቅስዎት አይደለም። እቁብ የገቡት ምናልባት ትከሻዎ ዳግም ቢያምዎት መጠጊያ እንዲሆን ይሆናል፤ ምናልባትም ይህንኑ ውዝፍ በአንድ ጊዜ ለመዝጋት አስበው ይሆናል። ለምን እንደገቡ በእውነት ያስታውሱታል? መልሱን ለራስዎ አስቀድመው ቢያውቁት ይሻላል፤ ችሎት ላይ ሊጠየቁ ይችላሉና።

አንድ ሌላ ጥያቄም ልጨምር። ሽማግሌዎቹ ያስማሟችሁ «እስክድን ድረስ» በሚል ነው። መንዳት በጀመሩ ጊዜ ለእናታቸው ነገሯት? ሙሉ በሙሉ አልዳኑም፣ ይገባኛል፤ ነገር ግን ስምምነቱ መቼ እንደሚያበቃ የሚወስነው ማን እንደሆነ ያን ቀን የተነገረ አይመስለኝም። ሁለት ልጅ ይዛ በወር 300 ዶላር ስትታገሥ የቆየች ሴት፣ የእርስዎ ታክሲ ስትወጣ ስትገባ እያየች ዝም ብላ ከሆነ፣ በልቧ የያዘችው ነገር ሊኖር ይችላል። ቂም ነው ማለቴ አይደለም። ልጠይቀው አልጠይቀው እያለች ስታመነታ ወራቱ አልፈው ይሆናል።

ስለ ሽማግሌዎቹ የጻፉት ልቤን ነክቶኛል። እርቁን አላናንቀውም፤ ያለ እሱ እነዚያ ልጆች ያን ክረምት አባታቸውን በሰላም አያዩም ነበር። ነገር ግን የፍርድ ቤት ትእዛዝ የሚለወጠው በፍርድ ቤት ብቻ ነው። በአገራችንም ቢሆን ክስ የተያዘባቸው ሰዎች ሲታረቁ የእርቁን ስምምነት ለችሎቱ አቅርበው ያስመዘግቡታል፤ እናንተ ያጎደላችሁት ይህን እርምጃ ነው፤ ያጎደላችሁትም በክፋት አይደለም። እዚህ ደግሞ ሕጉ ጠበቅ ይላል። ከ1986 ጀምሮ በፌዴራል ሕግ፣ እያንዳንዱ ወር ሲያልፍ ያልተከፈለው ማሳደጊያ እንደ ተፈረደ ዕዳ ይቆጠራል፤ ዳኛም ቢሆን ወደ ኋላ ተመልሶ ሊቀንሰው ወይም ሊሰርዘው አይችልም። ሕጉ የወጣው በየግዛቱ እየዞሩ ዳኛ ፊት «ይማሩልኝ» እያሉ ለዓመታት የተጠራቀመ የልጆች ገንዘብ የሚያሰርዙ ወላጆች ስለነበሩ ነው። እርስዎን በመሰለ ሰው ላይ ሲወድቅ ግን ከባድ ነው፤ ትከሻው ተሰብሮ ተኝቶ ሳለ 780 ዶላሩ በየወሩ ይቆጠርበታል፤ በቨርጂንያ በዓመት 6 ከመቶ ወለድም ይታሰብበታል።

ስለዚህ ወንድሜ፣ ከቀጠሮው ቀን በፊት አንድ ነገር ብቻ ማድረግ ቢችሉ፣ ነገ ጠዋት ያደርጉት ዘንድ የምመርጥልዎት ይህ ነው፤ ወደ ፍርድ ቤቱ ጽሕፈት ቤት ሄደው ማሳደጊያው ከአሁኑ ገቢዎ ጋር ተመዛዝኖ እንዲሻሻል ማመልከቻ ያስገቡ፤ ሠራተኞቹ ሞሽን ቱ አሜንድ ይሉታል። ዳኛው መጠኑን መቀነስ የሚችሉት ማመልከቻዎ ለእናትየው ከደረሰበት ቀን ወዲህ ላለው ጊዜ ብቻ ነው። በኤፕሪል 2024፣ ቡናው በተጠጣበት ሰሞን ይህ ወረቀት ገብቶ ቢሆን ኖሮ የዛሬው ውዝፍ ግማሹን ላይሆን ይችል ነበር። ያ አልፏል፤ ግን የመጪው ወር 780 ገና አልተቆጠረም። ቀጠሮውን እጠብቃለሁ አይበሉ፤ አንዱ ጉዳይ ሌላውን አይተካውም። ማመልከቻውን ሲያዘጋጁ የጠቅላላ ገቢዎን ብቻ ሳይሆን የነዳጁን፣ የኢንሹራንሱን፣ የጥገናውን ደረሰኝ ያያይዙ፤ ለራሱ የሚሠራ ሰው ለሥራው ያወጣው ተገቢ ወጪ ከገቢው ላይ ተነሥቶ ነው ማሳደጊያው የሚሰላው። የእናትየውም ገቢ በስሌቱ ስለሚገባ፣ ውጤቱ ከ780 ምን ያህል እንደሚወርድ እኔ ልነግርዎት አልችልም።

ለሰጧት 4,500 ዶላርስ? በዜል የላኩትን 1,800 ከስልክዎ ላይ አትመው ያውጡ፤ ቀኑና ስሟ ይታያል። በጥሬ ገንዘብ ለሰጧት 2,700 ግን ምስክሩ እሷ ራሷ ናት። ዘጠኙንም ጊዜ እንደተቀበለች በጽሑፍ ብትፈርም፣ የተሻለም ችሎት ቀርባ ብትናገር፣ ከሽማግሌዎቹም አንዱ ስምምነቱን ሰምቼአለሁ ቢል ነገሩ ይለወጣል። ዳኛው በመሥሪያ ቤቱ በኩል ያላለፈን ገንዘብ እንደ ስጦታ ሊቆጥሩት ይችላሉ፤ ስምምነቱን አምነውበት ከውዝፉ ላይ ሊያነሡትም ይችላሉ፤ ቢያነሡት 7,980 ዶላር ይቀራል። የሚያነሡት ባይሆን እንኳ ጥቅሙ አይጠፋም። ዐሥራ አምስት ወር ሳያቋርጥ 300 ዶላር ለልጆቹ የሰጠ ሰው ትእዛዙን ንቆ የተወ ሰው እንዳልሆነ ያሳያልና፤ የተከሰሱበትም ነገር ይኸው ነው። ከዛሬ ጀምሮ ግን ምንም ገንዘብ በእጅ አይስጡ፤ ሁሉም በመሥሪያ ቤቱ በኩል፣ በመዝገብ ቁጥርዎ ይግባ። ከቀጠሮው በፊት ጥቂትም ቢሆን በዚያ መንገድ ቢከፍሉ ደረሰኙ ይናገርልዎታል።

ጓደኞችዎ የመከሩዎት ስለሚወድዱዎት ነው፤ ግን ሁለቱም ምክር ወደ ባሰ ነገር ይወስድዎታል። አገር ቤት ቢሄዱ ዕዳው እዚህ ይቆጥራል፣ ማዘዣው ይጠብቅዎታል፤ ሲመለሱም የሚሠሩበት መንጃ ፈቃድዎ ሊታገድ ይችላል፤ ውዝፍ የልጅ ማሳደጊያ በቨርጂንያ መንጃ ፈቃድ ያሳግዳልና። ዜግነት ካለዎት፣ ውዝፉ ከ2,500 ዶላር በላይ ሆኖ ለፌዴራሉ መንግሥት ከተላለፈ አዲስ የአሜሪካ ፓስፖርት አይሰጥዎትም። ገና በግሪን ካርድ ከሆኑ ደግሞ፣ ለዜግነት ሲያመለክቱ ልጆቹን መርዳት እየቻለ ሆን ብሎ የተወ ሰው መልካም ጠባይ የለውም ተብሎ ሊከለከል ይችላል። በዘመድ ስም ገንዘብ ማዞሩና እቁቡን መደበቁ ከሁሉ የከፋው ነው። አሁን በእጅዎ ያለው ትልቁ ሀብት እውነተኛ መሆንዎ ነው፤ ደብቀው ቢገለጥብዎት ዳኛው እርስዎ ስለ ትከሻዎ የሚናገሩትንም ላያምኑ ይችላሉ።

እቁቡን እንዲያውም ወደ መፍትሔ ማዞር ይቻላል። የእቁቡን ዳኛ ዛሬ ማታ ይደውሉላቸው፤ ችግርዎን ያስረዱና ዕጣው የወጣለትን ሰው ተራውን እንዲለቅልዎት ይለምኑልዎት። ታሞ፣ ለቅሶ ደርሶበት፣ ቤት ሊያጣ ሆኖ ተራ የተለቀቀለት ሰው በየእቁቡ አለ፤ እርስዎን የሚያሳፍርዎት ነገር የለም። 24 ሰው 250 ሲያዋጣ 6,000 ዶላር ነው። ያን ያህል በአንድ ጊዜ ለውዝፉ እንደሚከፍሉ፣ የቀረውን ደግሞ በየወሩ ሊችሉት በሚችሉት መጠን እንደሚጨርሱ የሚገልጽ ዕቅድ ይዘው መቅረብ ዳኛው ፊት ብዙ ያግዝዎታል። ነገር ግን እቁቡን ከበሉ በኋላም የቀሪዎቹን ወራት 250 ዶላር ማዋጣት እንዳለብዎት ያስታውሱ፤ ለዳኛው ቃል የሚገቡት ወርኃዊ ክፍያ ያን ተቀንሶ የሚቻል መሆን አለበት። ሊጠብቁት የማይችሉትን ቁጥር በፍርሃት እንዳይናገሩ። ለእናትዎ ስለሚልኩት 150 ዶላርም ቢጠየቁ በግልጽ ይናገሩ፤ ዳኛው ልጆቹን ያስቀድማሉ፤ እናትዎም ቢሰሙ የልጅ ልጆቻቸውን የሚያስቀድሙ ይመስለኛል።

ስለ ችሎቱ ቀን አንድ ያየሁትን ልንገርዎት። ሌላ ጉዳይ እየጠበቅሁ ከኋላ ተቀምጬ ሳለ፣ ዕድሜው ከእርስዎ የማይርቅ ወገናችን ቀረበ። ንጹሕ ሸሚዝ ለብሷል፤ ደረሰኞቹን በፌስታል ይዞ በሁለት እጁ ደረቱ ላይ አቅፎታል። አስተርጓሚ ይፈልግ እንደሆነ ሲጠየቅ ኀፍረት ይዞት «አያስፈልገኝም» አለ። ዳኛው በእንግሊዝኛ «በነዚያ ወራት መክፈል ትችል ነበር?» አሉት። እሱ የሰማው «ለመክፈል ፈቃደኛ ነህ?» የሚለውን ነው፤ ዐይኑን መሬት ላይ ተክሎ፣ በአክብሮት፣ «አዎ ክቡርነትዎ» አለ። በዚያች አንዲት «አዎ» አቅም እንደነበረው አመነ ማለት ነው። ፌስታሉ ሳይከፈት ቀረ። እኔ ባልተጠራሁበት ጉዳይ ተነሥቼ መናገር አልቻልሁም፤ ዛሬም ያንገበግበኛል። ስለዚህ እንግሊዝኛ ለሥራ ቢበቃዎትም የአማርኛ አስተርጓሚ እንዲመደብልዎት ነገ ማመልከቻውን ሲያስገቡ አብረው ይጠይቁ፤ ክፍያ የለውም፣ ለዚህ ተብለው የሚጠሩ ሰዎች አሉ። ጥያቄው ካልገባዎት አልገባኝም ይበሉ። ደግሞም ቀና ብለው ዳኛውን ይመልከቱ፤ ለእኛ አንገት መድፋት አክብሮት ነው፤ እዚያ ግን የሚደብቅ ሰው ያስመስላል። ወረቀቶችዎንም በፌስታል ሳይሆን በየወሩ ለይተው፣ ሦስት ሦስት ቅጂ አድርገው ይያዙ፤ አንዱ ለዳኛው፣ አንዱ ለመሥሪያ ቤቱ ጠበቃ፣ አንዱ ለእርስዎ።

ከእናታቸው ጋር መነጋገር ይከብድዎታል፤ በዚያው ወረቀት ምክንያት ሁለታችሁም ልባችሁ ቆስሏል። ከሦስቱ ሽማግሌዎች ሁለታችሁም የምትሰሙት የትኛው ናቸው? እሳቸው ብቻቸውን ይሂዱላት። ቀጠሮውን እንድታስቀር አይለምኗት፤ መሥሪያ ቤቱ ያቀረበው ከሆነ ማስቀረቱ በእጇ ላይሆን ይችላል፤ ልመናውም ዳግም በደል ይሆንባታል። የሚጠይቋት ሁለት ነገር ይሁን፤ የተቀበለችውን እንድትመሰክር፣ ከኦክቶበር ወዲህ የከበዳትንም ሳትሸሽግ እንድትናገር። ሁለተኛው ለእርስዎ መስማት ቀላል አይሆንም፤ ግን ሰምተውት ችሎት ቢቀርቡ እዚያ ከምትነግርዎት ይልቅ ይሻላል።

ልጅዎ የጠየቀችዎት ጥያቄ መልስ ይፈልጋል። 13 ዓመቷ ነው፤ ዝም ቢሏት የምትሞላው ባዶ ቦታ በጣም ሰፊ ነው። «አልታሰርም» ብለው ቃል አይግቡላት፤ በእጅዎ አይደለም። ወንድሟ በሌለበት፣ ለምሳሌ ቅዳሜ ወደ ቤት ሲያደርሷት መኪናው ውስጥ፣ «ለእናንተ መክፈል የነበረብኝ ገንዘብ ታምሜ ሳለ ተጠራቀመ፤ ዳኛ ፊት ቀርቤ እንዴት እንደምከፍለው እነግራቸዋለሁ፤ እናትሽ ምንም አላጠፋችም፤ የሆነውን ሁሉ ራሴ እነግርሻለሁ» ይበሏት። ከዚያ ትጠይቅ፤ እርስዎም የሚያውቁትን ያህል ይመልሱላት። ከችሎቱ እንደወጡም ከጓደኞችዎ ሁሉ በፊት ለእሷ ይደውሉላት።